አንደኛ ለመውጣት መጫወት፦ የኦንላይን አክሲዮን ንግድ ውድድር ከምዝገባ እስከ መዝጊያው ደወል

በምናባዊ ገንዘብ አክሲዮን እየተገዛ እየተሸጠ በሚደረግ ውድድር ላይ አንደኛ የሚወጣው ብዙ ጊዜ ጎበዙ ኢንቨስተር አይደለም። ጎበዙ ኢንቨስተር መሃል ላይ ነው የሚገኘው። ሃያ ድርጅቶች ይመርጣል፣ ገንዘቡን ያከፋፍላል፣ በወር ሁለት ሦስት በመቶ ያተርፋል፣ በሥራውም ይኮራል። ከዚያ የደረጃ ሰንጠረዡን ሲከፍት ስሙን ለማግኘት ገጽ ከገጽ ሲገለብጥ ይቆያል።

ምክንያቱ ግልጽ ነው። እዚህ የሚሸለመው ትርፍ ሳይሆን ደረጃ ነው። ሽልማቱ ለአንደኛው ብቻ ከሆነ 40 በመቶ አትርፎ ሁለተኛ የወጣውም፣ ግማሹን ከስሮ መጨረሻ የቀረውም ባዶ እጃቸውን ነው የሚሄዱት። የጠፋው ገንዘብ ደግሞ የውሸት ነው። ስለዚህ በየቀኑ የምትወስኑት ሁሉ ከሁለት ነገር መነሳት አለበት፦ አሁን ስንተኛ ናችሁ? ስንት ቀን ቀርቷል? ከዚህ በታች ያለው ምክር ሁሉ የሚመነጨው ከእነዚህ ሁለት ጥያቄዎች ነው።

በነገራችን ላይ፣ ይሄ ምክር ለጨዋታ ነው። በራሳችሁ ገንዘብ እንዲህ ብትነግዱ ኪሳችሁ በአጭር ጊዜ ይራቆታል። እዚያ የምትጠብቁት ገንዘብ አለ፤ እዚህ የምትጠብቁት ደረጃ ብቻ ነው።

ደረጃ 1፦ ሕጉን እንደ ውል አንብቡት

ብዙ ሰው ይመዘገባል፣ የተሰጠውን የምናባዊ ገንዘብ፣ ለምሳሌ 100,000 ዶላር፣ ያያል፣ ወዲያው መግዛት ይጀምራል። እናንተ መጀመሪያ ሕጉን ክፈቱ። ውድድሮቹ በመልክ ይመሳሰላሉ እንጂ በሕግ በጣም ይለያያሉ። ማርኬትዎች በተባለው ድረ ገጽ ላይ ለምሳሌ መነሻ ገንዘቡንም፣ ኮሚሽኑንም፣ በብድር መግዛት መፈቀድ አለመፈቀዱንም የሚወስነው ጨዋታውን የከፈተው ሰው ነው። ዋርተን የተባለው የአሜሪካ የንግድ ትምህርት ቤት የሚያዘጋጀው የሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎች ውድድር ደግሞ ጭራሽ በትርፍ ብዛት አይዳኝም፤ ዳኞቹ የሚመዝኑት የቡድኑን ስትራቴጂና አቀራረቡን ነው። እዚያ ገብታችሁ ያበጠው ይፈንዳ ብላችሁ ገንዘቡን አንድ አክሲዮን ላይ ብትቆልሉት፣ ብታተርፉም አትመረጡም።

የመጀመሪያው ጥያቄ እንግዲህ ይሄ ነው፦ ነጥቡ የሚሰጠው በምንድን ነው? በጠቅላላ የፖርትፎሊዮ (የያዛችሁት ሁሉ) ዋጋ ከሆነ ይህ መመሪያ እንዳለ ይሠራል። በሻርፕ ሬሾ ከሆነ ግን ነገሩ ይገለበጣል። ዊሊያም ሻርፕ በ1966 እ.ኤ.አ. ያቀረበው ይህ መለኪያ ከአደጋ ነፃ ከሆነ ወለድ በላይ ያገኛችሁትን ትርፍ ለውጤታችሁ መዋዠቅ ያካፍለዋል። 30 በመቶ አትርፋችሁ በመንገድ ላይ እንደ ማዕበል ከወጣችሁና ከወረዳችሁ፣ 6 በመቶ በቀስታ ያተረፈ ሰው ሊቀድማችሁ ይችላል። እንዲህ ያለ ውድድር ላይ ከሆናችሁ ደረጃ 3ን ዝለሉት፣ ገንዘባችሁን አከፋፍሉ፣ ብድር አትንኩ።

ቀጥሎ ገደቦቹን ፈልጉ። በአንድ አክሲዮን ላይ ስንት በመቶ ማስቀመጥ ይፈቀዳል? ማርጂን፣ ማለትም በብድር መግዛት፣ አለ? የአሜሪካን መደበኛ ሕግ የሚከተሉ ጨዋታዎች የግዢውን ግማሽ ያበድራሉ፤ 100,000 ይዛችሁ 200,000 የሚያወጣ አክሲዮን ትገዛላችሁ ማለት ነው። ሾርት መሸጥ፣ ማለትም አክሲዮን ተበድሮ ሸጦ ዋጋው ሲወርድ መልሶ መግዛት፣ ይፈቀዳል? የአንድ አክሲዮን ዝቅተኛ ዋጋ ስንት ነው? ይቺ የመጨረሻዋ ጥያቄ ትንሽ ትመስላለች፤ ግን አይደለችም። በእውነተኛ ገበያ የሃያ ሳንቲም አክሲዮን በብዛት ለመግዛት ብትሞክሩ የእናንተው ትዕዛዝ ዋጋውን ያስወድድባችኋል። በሲሙሌሽን፣ ማለትም በማስመሰያ ጨዋታ፣ ግን ሲስተሙ የፈለጋችሁትን ያህል በመጨረሻው ዋጋ ይሰጣችኋል፤ ገበያው መኖራችሁን እንኳ አያውቅም። አዘጋጁ ዝቅተኛ ዋጋ ካላስቀመጠ ከተወዳዳሪዎቹ አንዱ ይህን እንደሚጠቀምበት አትጠራጠሩ።

በመጨረሻ ሁለት ቴክኒካዊ ነገሮች አሉ። የሚታየው ዋጋ ስንት ደቂቃ ይዘገያል? ብዙ ሲሙሌተሮች 15 ወይም 20 ደቂቃ ዘግይተው ነው የሚያሳዩት። ትዕዛዛችሁ የሚፈጸመውስ በየትኛው ዋጋ ነው፣ በዘገየው ወይስ በወቅቱ? መልሱ ሕጉ ላይ ካልተጻፈ አዘጋጁን በጽሑፍ ጠይቁ። መልሱንም አስቀምጡ፣ በኋላ ሊያስፈልግ ይችላል።

ደረጃ 2፦ ለማሸነፍ ስንት እንደሚያስፈልግ አስሉ

ያለፈው ዙር የደረጃ ሰንጠረዥ ከተገኘ ከዚያ የተሻለ ነገር የለም። አንደኛው በስንት በመቶ አሸነፈ? አሥረኛውስ? እሱን ወረቀት ላይ ጻፉ።

ካልተገኘ ግምት መሥራት ይቻላል። የተወዳዳሪዎቹ ውጤት በአማካዩ ዙሪያ በደወል ቅርጽ ተበትኗል እንበል። ውጤቶቹ ከአማካዩ የሚርቁበት የተለመደ መጠን፣ ማለትም መደበኛ ልይይቱ፣ 10 በመቶ ይሁን። 20 ሰው በሚወዳደርበት ጨዋታ አንደኛው ከአማካዩ በላይ ወደ 19 በመቶ ገደማ ላይ ይገኛል ተብሎ ይጠበቃል። 100 ሰው ካለ ወደ 25 ይደርሳል። 1,000 ሰው ከሆነ ወደ 32። እውነተኛ ውድድር ላይ ደግሞ ጥቂት ሰዎች ያላቸውን ሁሉ አንድ ቦታ ላይ ስለሚያስቀምጡ አናቱ ከዚህም ይርቃል።

ከዚህ የምትወስዱት ይሄን ነው፦ የተወዳዳሪው ቁጥር በጨመረ መጠን አስተማማኝ የሚባል ጨዋታ ዋጋ ያጣል። ሃያ ሰው ባለበት ክፍል ውስጥ ሁለት ጥሩ ውሳኔ ሊያሸንፋችሁ ይችላል። ሺህ ሰው ባለበት ግን ገበያውን በትንሽ መቅደም ደረጃችሁን ከመሃል ትንሽ ከፍ ከማድረግ አያልፍም።

ሌላ የምወዳት ሒሳብ አለች። 7.2 በመቶ የሚያተርፍ ንግድ አሥር ጊዜ በተከታታይ ቢሳካ ገንዘቡ እጥፍ ይሆናል። እጥፍ ለማድረግ የግድ እጥፍ የሚሆን አክሲዮን መፈለግ የለባችሁም ማለት ነው። በሌላ በኩል 50 በመቶ የከሰረ ሰው ወደነበረበት ለመመለስ 100 በመቶ ማትረፍ አለበት። ድፍረት ያስፈልጋል፤ ግን ጨዋታው ሳይጋመስ ከሜዳ የሚያስወጣ ድፍረት ከንቱ ነው።

ደረጃ 3፦ የሚንቀሳቀስ ነገር ምረጡ

አብዛኛው ተወዳዳሪ የሚስተው እዚህ ጋ ነው። «ጥሩ ድርጅት የትኛው ነው?» ብሎ ይጠይቃል። ጥያቄው መሆን ያለበት «እስከ መዝጊያው ቀን ድረስ ዋጋው በብዛት ሊንቀሳቀስ የሚችለው የትኛው ነው?» ነው። ለስድስት ሳምንት ውድድር የተረጋጋ ግሩም ድርጅት ምንም አያደርግላችሁም።

ዋጋ የሚያንቀሳቅሰው ዜና ነው። የሚበዛው ዜና ደግሞ ቀን የተቆረጠለት ነው። የአሜሪካ ድርጅቶች የሩብ ዓመት ሪፖርታቸውን በብዛት የሚያወጡት ከጥር፣ ከሚያዝያ፣ ከሐምሌና ከጥቅምት አጋማሽ (በፈረንጆቹ) ጀምሮ ባሉት ሳምንታት ነው። ሪፖርቱ የሚወጣው ገበያው ከመከፈቱ በፊት ወይም ከተዘጋ በኋላ ነው። የአሜሪካ ማዕከላዊ ባንክ የሆነው የፌዴራል ሪዘርቭ የወለድ ስብሰባ በዓመት 8 ጊዜ ይካሄዳል። የዋጋ ንረት መረጃው በየወሩ ይወጣል። የአሜሪካ የምግብና መድኃኒት አስተዳደር በአዲስ መድኃኒት ላይ ውሳኔ የሚሰጥበት ቀንም ብዙ ጊዜ ቀድሞ ይታወቃል፤ አንድ መድኃኒት ብቻ ያላት ትንሽ የባዮቴክ ድርጅት በዚያ ቀን በአንድ ሌሊት ልትፈነዳ ወይም ልትፈርስ ትችላለች። እነዚህን ቀኖች ካላንደር ላይ አስፍሩ፤ ውድድሩ ከመጀመሩ በፊት።

አክሲዮኑ ምን ያህል ሊንቀሳቀስ እንደሚችል ደግሞ ገበያው ራሱ ይነግራችኋል። አክሲዮኑ 100 ዶላር ነው እንበል። ሪፖርቱ በሚወጣበት ሳምንት የሚያበቃ፣ መፈጸሚያ ዋጋው 100 የሆነ ኮል ኦፕሽን (አክሲዮኑን በ100 የመግዛት መብት) 4 ዶላር ያወጣል። እዚያው ላይ ያለው ፑት ኦፕሽን (በ100 የመሸጥ መብት) ሌላ 4 ዶላር። ሁለቱ ተደምረው 8። ገበያው ወደ ላይም ይሁን ወደ ታች 8 በመቶ ገደማ የሚሆን እንቅስቃሴ ይጠብቃል ማለት ነው። ኦፕሽን መነገድ ባይፈቀድላችሁ እንኳ ይህን ዋጋ ማየት የሚከለክላችሁ የለም። ሦስት ድርጅቶች በአንድ ሳምንት ሪፖርት ካወጡ 3 በመቶ የሚጠበቅበትን ተዉት፣ 14 በመቶ የሚጠበቅበትን ያዙት።

ኦፕሽን የሚፈቅድ ጨዋታ ላይ ከሆናችሁ ግን አንድ ወጥመድ አለ። ሪፖርት ከመውጣቱ በፊት ኦፕሽን ይወደዳል፤ ሁሉም ሰው ዝላይ ስለሚጠብቅ። ሪፖርቱ በወጣ ማግስት ያ ተጨማሪ ዋጋ ይተናል። አቅጣጫውን በትክክል ገምታችሁ፣ አክሲዮኑ 5 በመቶ ወጥቶላችሁ፣ ኦፕሽኑ ላይ ግን ልትከስሩ ትችላላችሁ። ለአንድ ሌሊት ሪፖርት አክሲዮኑን ራሱን በማርጂን መያዝ ብዙ ጊዜ ይሻላል።

ባለ ሦስት እጥፍ ኢቲኤፎችም አሉ፤ ኢቲኤፍ እንደ አክሲዮን የሚገዛና የሚሸጥ ፈንድ ነው። ቲኪውኪውኪው የናስዳክ 100ን (የትልልቅ ድርጅቶችን አክሲዮን ዋጋ በአንድ ቁጥር የሚያሳይ ኢንዴክስ) የቀን እንቅስቃሴ በሦስት ያበዛል፣ ኤስኪውኪውኪው ደግሞ በተቃራኒው አቅጣጫ ሦስት እጥፍ ይሄዳል። ማርጂን በተከለከለበት ጨዋታ እነዚህ ሳይከለከሉ ሊቀሩ ይችላሉ፣ ያኔ ጥሩ መሣሪያ ናቸው። ግን «የቀን» የምትለዋን ቃል ልብ በሉ። ኢንዴክሱ ዛሬ 10 በመቶ ቢወርድና ነገ 11.1 በመቶ ቢወጣ ወደነበረበት ይመለሳል። የሦስት እጥፉ ኢቲኤፍ ግን መጀመሪያ ከ100 ወደ 70 ይወርዳል፣ ከዚያ በ33.3 በመቶ ወጥቶ 93.3 ላይ ይቆማል። ኢንዴክሱ ምንም ሳይከስር እናንተ 6.7 በመቶ ከሰራችሁ። ገበያው አንድ አቅጣጫ ይዞ ሲጓዝ እነዚህ ነገሮች ወርቅ ናቸው፤ ወዲያና ወዲህ ሲል ግን ቀስ እያሉ ይበሏችኋል።

አሁን ወደ ገደቡ እንመለስ። ሕጉ በአንድ አክሲዮን ላይ ከ25 በመቶ በላይ ይከለክላል እንበል። ብዙ ሰው አራት የተለያዩ ዘርፎች ይመርጣል፦ አንድ ባንክ፣ አንድ የነዳጅ ድርጅት፣ አንድ መድኃኒት አምራች፣ አንድ ቴክኖሎጂ። አንዱ ሲወጣ ሌላው ይወርዳል፣ ተካክሰውም ባሉበት ይቆማሉ። ማሸነፍ የሚፈልግ ሰው አብረው የሚሄዱ አራት ይይዛል። ለምሳሌ ኤንቪዲያ፣ ኤኤምዲና ማይክሮን ሁሉም ከቺፕ ጋር የተያያዙ ናቸው፣ ብዙ ጊዜም አብረው ይወጣሉ፣ አብረው ይወርዳሉ። በወረቀት ላይ ገደቡን አክብራችኋል። በተግባር ግን አንድ ትልቅ ውርርድ ነው የያዛችሁት። ለቁጠባችሁ ይህን የሚመክራችሁ አማካሪ ካለ ሽሹት። ለዚህ ጨዋታ ግን ልክ ነው።

ሌላው ተወዳዳሪ ምን እንደያዘም አስቡ። ግማሹ ሰው ኤንቪዲያን ከያዘ፣ ኤንቪዲያ 20 በመቶ ብትወጣም እናንተ ከግማሹ ሰው ጋር እኩል ነው የምትወጡት፤ ደረጃችሁ ንቅንቅ አይልም። ከተወዳዳሪዎቹ የሚለያችሁ እነሱ ያልያዙት ነገር ነው። ደግሞ የሚበዛው ሰው የሚገዛው ይወጣል ብሎ ነው። ሾርት የሚፈቀድ ከሆነና ገበያው መውረድ ከጀመረ፣ ሾርት የያዘ ሰው በሁለት ቀን ውስጥ መቶ ሰው ያልፋል። ያው፣ ሾርት ላይ ትርፉ ወሰን አለው፤ አክሲዮን ከዜሮ በታች አይወርድም። ኪሳራው ግን ወሰን የለውም።

ደረጃ 4፦ ትዕዛዝ ስትሰጡ አትቸኩሉ

የኒውዮርክ ገበያ በከተማዋ ሰዓት 9፡30 ተከፍቶ 16፡00 ላይ ይዘጋል (በ24 ሰዓት አቆጣጠር)። ወደ ራሳችሁ ሰዓት ቀይራችሁ ስልካችሁ ላይ ማንቂያ ሙሉ። አሜሪካኖቹ በዓመት ሁለት ጊዜ ሰዓታቸውን ስለሚቀይሩ ልዩነቱ በአንድ ሰዓት እንደሚለዋወጥ አትርሱ።

ገበያው ተዘግቶ እያለ የምትሰጡት የማርኬት ትዕዛዝ («በተገኘው ዋጋ ግዛ» የሚለው) የሚፈጸመው በነጋታው መክፈቻ ዋጋ ነው። አክሲዮኑ 50 ዶላር ላይ ዘጋ። ማታ ጥሩ ሪፖርት ወጣ። እናንተም በደስታ «ግዛ» የሚለውን ተጫናችሁ። በነጋታው 62 ላይ ይከፈታል፣ በ62 ትገዛላችሁ። ትርፉን የበላው ትናንት ይዞት የነበረው ሰው ነው፤ እናንተ የገዛችሁት የእሱን ፌሽታ ነው። እንዲህ ባለ ጊዜ ሊሚት ትዕዛዝ ተጠቀሙ። «ከ54 በላይ ከሆነ አልፈልግም» ብላችሁ ወስኑና ተኙ።

ስቶፕ ትዕዛዝም («ዋጋው እዚህ ከወረደ ሽጥ» የሚለው) ከሪፖርት ሌሊት አያድናችሁም። 50 ላይ የሚዘጋ አክሲዮን 38 ላይ ከተከፈተ፣ 47 ላይ ያስቀመጣችሁት ስቶፕ የሚፈጸመው በ38 አካባቢ ነው። ስለዚህ ከሪፖርት በፊት አደጋውን የሚቆጣጠረው የያዛችሁት መጠን ብቻ ነው።

ኮሚሽን የሚያስከፍል ጨዋታ ላይ ደግሞ የአንድ ንግድ ወጪ ስንት እንደሆነ አስሉ። 20 ዶላር በ100,000 ላይ ምንም አይመስልም። በቀን አሥር ንግድ የሚፈጽም ሰው ግን በየቀኑ 200 ዶላር ይከፍላል፤ በሃያ የገበያ ቀን 4,000፣ ማለትም 4 በመቶ። ዝም ብሎ ለተቀመጠ ሰው አራት በመቶ በነፃ ሰጣችሁት።

ደረጃ 5፦ ጨዋታው ሲጋመስ ሰንጠረዡን አንብቡ

መጀመሪያ ሳምንት ላይ ሰንጠረዡን በየሰዓቱ ማየት ነርቭ ከማድከም በቀር ጥቅም የለውም። ከግማሽ በኋላ ግን ዋናው መረጃችሁ እሱ ነው።

ይህ የጨዋታ ተጫዋቾች ጠባይ ብቻ አይደለም። ብራውን፣ ሃርሎውና ስታርክስ የተባሉ ተመራማሪዎች በ1996 ባሳተሙት ጥናት ከ1976 እስከ 1991 የነበሩ 334 የአሜሪካ ሚውቹዋል ፈንዶችን አይተው ነበር። በዓመቱ አጋማሽ ወደ ኋላ የቀሩት ፈንዶች በቀሪው ጊዜ ከፊት ካሉት በበለጠ መዋዠቅን የመጨመር ዝንባሌ አሳይተዋል። የሰው ገንዘብ የያዙ ባለሙያዎች እንኳ ደረጃ ሲያዩ እንዲህ ይሆናሉ። የውሸት ገንዘብ የያዘ ሰው ምን ሊያደርግ እንደሚችል መገመት አያስቸግርም። መሪ ከሆናችሁ ከኋላችሁ ያሉት እየተፋጠኑ እንደሚመጡ ከወዲሁ እወቁት።

ጨዋታው የሌሎችን ፖርትፎሊዮ ወይም ያለፉ ንግዶች የሚያሳይ ከሆነ፣ ከላይ ያሉትን አምስት ሰዎች ሉህ ላይ መዝግቡ፦ ስም፣ ጠቅላላ ዋጋ፣ ምን ይዘዋል። የማያሳይ ከሆነ ደግሞ የየዕለቱን ለውጣቸውን ጻፉ። አንድ ሰው በአንድ ቀን 9 በመቶ ከወጣና በዚያ ቀን 9 በመቶ የወጣ ታዋቂ አክሲዮን ካለ፣ ምን እንደያዘ አገኛችሁት ማለት ነው።

ደረጃ 6፦ መሪ ከሆናችሁ

እናንተ 118,000 ይዛችሁ አንደኛ ናችሁ እንበል። ሁለተኛው 112,000 አለው፣ ሁሉንም አንድ አክሲዮን ላይ አድርጎታል። ሦስተኛው 105,000 በጥሬ ገንዘብ ይዞ ተቀምጧል። አምስት ቀን ቀርቷል። ምን ታደርጋላችሁ?

ሁሉም ሰው የሚያስበው «ሸጬ ልቀመጥ» ነው። ሒሳቡን ሥሩት። ሁሉንም ወደ ጥሬ ገንዘብ ከቀየራችሁ የሁለተኛው አክሲዮን 5.4 በመቶ ሲወጣ ይቀድማችኋል። በአምስት ቀን ውስጥ ይህ ምንም የማይከብድ ነገር ነው። ግማሹን ገንዘባችሁን፣ 59,000ውን፣ እሱ በያዘው አክሲዮን ላይ ብታስቀምጡስ? አሁን ሊቀድማችሁ የሚችለው አክሲዮኑ ከ11.3 በመቶ በላይ ከወጣ ብቻ ነው፤ ሲወጣ እናንተንም ይዟችሁ ይወጣልና። ሁሉንም ብታስቀምጡ ደግሞ በምንም መንገድ አይቀድማችሁም። ግን ያኔ ሦስተኛው ይነሳባችኋል፦ አክሲዮኑ 12 በመቶ ቢወርድ ወደ 103,840 ትወርዳላችሁ፣ ባለ 105,000ው ሰውዬ እጁን አጣጥፎ በተቀመጠበት አንደኛ ይሆናል። ግማሹን ብቻ ይዛችሁ ቢሆን ኖሮ 110,920 ይቀራችሁ ነበር፤ አሁንም ከሁሉም በላይ። ሦስተኛው እናንተን የሚያልፈው አክሲዮኑ ከ22 በመቶ በላይ ከወደቀ ነው።

መሪ የሚጫወተው እንዲህ ነው። 1 ለ 0 እየመራ ኳስ ይዞ ሰዓት እንደሚገፋ ቡድን። የራሱን ሐሳብ ትቶ ተከታዮቹ በያዙት ላይ በልክ ይቀመጣል። ገንዘቡን ምን ያህል እንደሚያስቀምጥ የሚወስነው ሁለተኛው ምን ያህል እንደቀረበና ሦስተኛው ምን ያህል እንደራቀ ነው። ሉሁን በየማታው አድሱት፣ ቁጥሮቹ በአንድ ቀን ውስጥ ይገለባበጣሉ።

ከተከታዮቹ ውስጥ ማን ምን እንደያዘ ማወቅ ካልቻላችሁ፣ ቢያንስ ብዙ ሰው የሚይዛቸውን አክሲዮኖች በመጠኑ ያዙ። ማርጂኑን ዝጉ። ከሪፖርት ሌሊት ራቁ። ከመሞት መሰንበት የሚባለው ለመሪ ነው።

ደረጃ 7፦ ከኋላ ከሆናችሁ

104,000 ይዛችሁ መሪው 118,000 ላይ ከሆነ 13.5 በመቶ ያስፈልጋችኋል፤ ያውም እሱ ባለበት ከቆመ። በአምስት ቀን። በትንሽ በትንሹ ማሳደድ አይሠራም። ገንዘባችሁን አምስት ቦታ ከፋፍላችሁ እያንዳንዱ ትንሽ ትንሽ እንዲወጣ ብትመኙ፣ ለአሥረኛነት እየተጫወታችሁ ነው።

ሁለት ነገር አድርጉ። አንደኛ፣ መሪው የያዘውን አትያዙ። እሱ ከያዘው ጋር አብራችሁ ብትወጡ ርቀቱ እንዳለ ይቆያል። ተቃራኒውን ብትይዙ ግን እሱ ሲወርድ እናንተ ትወጣላችሁ፣ ርቀቱም በሁለት በኩል ይጠባል። ሁለተኛ፣ የቀሩትን ቀኖች አንድ የተወሰነ ዜና ላይ አነጣጥሩ፦ በዚያ ሳምንት ሪፖርት የሚያወጣ፣ ትልቅ እንቅስቃሴ የሚጠበቅበት፣ ሕጉ እስከፈቀደው ጥግ ድረስ። ሊበላችሁ ይችላል። ግን ሃምሳኛ ሆናችሁ ለምትጨርሱት ሰማንያኛ መሆን ምን ያጎድልባችኋል?

ቁጭት የሚያባብሰውን ስህተት ግን ለዩት። የከሰረ አክሲዮን ላይ «ይመለሳል» ብሎ መደረብ ስትራቴጂ አይደለም። ጥያቄው ያው ነው፦ ይሄ ነገር እስከ መዝጊያው ድረስ የሚያንቀሳቅሰው ዜና አለው? ከሌለው ሽጡት፣ ምን ያህል እንደከሰራችሁበት አትቁጠሩ።

ቀዳዳ ሲገኝ

እያንዳንዱ ሲሙሌሽን ቀዳዳ አለው። ለምሳሌ ዋጋው 15 ደቂቃ ዘግይቶ፣ ትዕዛዙም በዘገየው ዋጋ የሚፈጸም ከሆነ፣ ሌላ ቦታ የወቅቱን ዋጋ የሚያይ ሰው የሩብ ሰዓት ነቢይ ነው። ልጠቀምበት ወይስ አልጠቀም?

በ2007 እ.ኤ.አ. ሲኤንቢሲ ቴሌቪዥን 1 ሚሊዮን ዶላር የሚያሸልም ውድድር አዘጋጅቶ ነበር። አንዳንድ ተወዳዳሪዎች ገበያው ከመዘጋቱ በፊት ትዕዛዙን ጀምረው ገጹን ክፍት እንደሚተዉት ታወቀ። ማታ ሪፖርቱ ሲወጣ ያዩና የተወደደውን ብቻ በመዝጊያው ዋጋ ያጸድቁታል። ነገሩ ሲጋለጥ ምርመራ ተደረገ፤ ከላይ የነበሩት ተሰርዘው ሽልማቱ ከበታቻቸው ለነበረ ተወዳዳሪ ደረሰ። ስለዚህ የእኔ አቋም እንዲህ ነው። ሕጉ የፈቀደውን ገደብ እስከ ጥጉ ተጠቀሙበት፤ ያ ጨዋታው ነው። የሲስተም ብልሽት ካገኛችሁ ግን ለአዘጋጁ ንገሩ። ብዙ አካውንት መክፈትም እንደዚያው ነው። አሥር አካውንት ከፍቶ በአሥር አቅጣጫ መወራረድ አንዱን ከላይ ማውጣቱ አይቀርም፤ አይፒ አድራሻ ሲታይ ደግሞ አሥሩም ይሰረዛሉ።

የራሳቸው ገበያ ያላቸው ጨዋታዎች

እስካሁን ያወራነው የእውነተኛውን ገበያ ዋጋ ስለሚከተሉ ጨዋታዎች ነው። ሌላ ዓይነት አለ። የቶሮንቶ ዩኒቨርሲቲ ሮትማን ትምህርት ቤት የሚጠቀምበት ሮትማን ኢንተራክቲቭ ትሬደር አንዱ ነው፤ ዋጋው የሚፈጠረው በተወዳዳሪዎቹ ትዕዛዝ ነው። አይኤምሲ የተባለው የንግድ ድርጅት በ2023 የጀመረው ፕሮስፐሪቲ ደግሞ ተወዳዳሪዎች ፓይተን በተባለው የኮምፒውተር ቋንቋ የጻፉት ፕሮግራም ከአዘጋጁ ቦቶች ጋር የሚነግድላቸው፣ ገንዘቡም ሲጀመር የባሕር ዛጎል የነበረ ጨዋታ ነው።

እዚህ ትልቅ ዜና መጠበቅ ዋናው ነገር አይደለም። የሚያሸንፈው ትንሽ ትርፍ በብዛት የሚለቅም ነው። በ99.90 እገዛለሁ፣ በ100.10 እሸጣለሁ ብላችሁ ሁለቱንም ትዕዛዝ ታስቀምጣላችሁ። ሁለቱም ከተፈጸሙ 20 ሳንቲም አተረፋችሁ። አደጋው አንዱ ብቻ ሲፈጸም ነው፤ ገዝታችሁ ገዝታችሁ መሸጥ ካልቻላችሁ እጃችሁ ላይ ይከማቻል፣ ዋጋው ሲወርድ ይዟችሁ ይወርዳል። ስለዚህ የያዛችሁት ሲበዛ ሁለቱንም ዋጋችሁን ትንሽ ዝቅ አድርጉ፤ ገዢ እንዲመጣ፣ ሻጭ እንዲሸሽ። የይዞታ ገደቡን ማለፍ የሚያስቀጣ ከሆነ ደግሞ ቅጣቱ የአንድ ሰዓት ትርፍ ሊበላ ይችላል። ዙሩ ሊያልቅ ሲል ሁሉም ሰው ይዞታውን ለማራገፍ በአንድ በር ይጋፋል፤ እናንተ ቀደም ብላችሁ ውጡ።

የመጨረሻው ቀን

የፖርትፎሊዮው የመጨረሻ ዋጋ በምን እንደሚሰላ አስቀድማችሁ እወቁ። ብዙ ጨዋታዎች የያዛችሁትን በመዝጊያው ዋጋ ስለሚቆጥሩ መሸጥ አያስፈልግም፤ መሸጥ የግድ የሆነባቸውም አሉ። ዋጋው 20 ደቂቃ በሚዘገይበት ጨዋታ ደግሞ በመጨረሻው ሩብ ሰዓት የሰጣችሁት ትዕዛዝ ሳይፈጸም ሊቀር ይችላል። አንድ ሰዓት ቀደም ብላችሁ ጨርሱ።

ያልተፈጸሙ ትዕዛዞችን ገጽ ክፈቱና ከሁለት ሳምንት በፊት አስቀምጣችሁ የረሳችሁት ሊሚት ካለ ሰርዙት። የያዛችሁት አክሲዮን በዚያ ሳምንት የተከፋፈለ ከሆነ ቁጥሩን ቁጠሩ፤ አንድ አክሲዮን ወደ አሥር ሲከፋፈል ዋጋው ወደ አሥረኛው ይወርዳል፣ ሲስተሙ ብዛቱን እስኪያስተካክል ድረስ 90 በመቶ የከሰራችሁ ሊመስል ይችላል። ገበያው እንደተዘጋ የአካውንታችሁንና የሰንጠረዡን ገጽ ሰዓቱ በሚታይበት ሁኔታ ስክሪንሾት አንሱ። ቅሬታ ካላችሁም ውጤቱ ከመጽደቁ በፊት፣ ምስሎቹን አያይዛችሁ፣ ለአዘጋጁ ላኩ።